ልጄ ኢኩዌሽን ላይ ቆማለች፤ ዘግይታ ይሆን?

ጥያቄ፦ የ12 ዓመት ልጅ አለችኝ። እስከ ዓምና ድረስ ከትምህርት ሁሉ የምትወደው ሂሳብ ነበር። ዘንድሮ ኢኩዌሽን ሲጀምሩ ግን ነገሩ ተበላሸ። 3ሀ + 5 = 20 ዓይነቱን ወዲያው ትመልሳለች፤ እንዴት አገኘሽው ስላት «ሞክሬ ነው» ትለኛለች። ፊደሉ በሁለቱም በኩል ሲመጣ፣ ለምሳሌ 5ሀ − 7 = 2ሀ + 8 ሲሆን፣ አንዴ ትደምራለች፣ አንዴ ትቀንሳለች፣ መጨረሻ ላይ ደብተሩን ዘግታ ታለቅሳለች። እኔ በተማርኩበት መንገድ «ወዲያ ሲሻገር ምልክቱ ይቀየራል» ብዬ ላስረዳት ሞከርኩ፤ ይባስ አደናገርኳት። የእህቴ ልጅ በ10 ዓመቱ አልጀብራ ጀምሯል። የእኔዋ ዘግይታ ይሆን? አስጠኚ ልቅጠርላት ወይስ የሚቀጥለውን ክፍል መጽሐፍ ከአሁኑ ላስጀምራት?
የጨነቃት እናት

መልስ፦ ውድ እናት፣ ልጅዎ አልዘገየችም። የሚቀጥለውን ክፍል መጽሐፍ ይተዉት፤ ክፍተቷን ሳትሞላ ወደፊት ብትሄድ ክፍተቱም አብሯት ይሄዳል። አስጠኚውም ለጊዜው ይቆይ። ከጻፉልን ሁሉ ትልቁን ፍንጭ የሰጠን «ሞክሬ ነው» የሚለው መልሷ ነው። ልጅዎ እስካሁን እኩልዮሽ (ኢኩዌሽን) አልፈታችም፤ ቁጥር እየገመተች ስታስገባ ነው የቆየችው። ግምቱም አላሳፈራትም፤ የመጽሐፉ የመጀመሪያ ጥያቄዎች መልሳቸው ትንንሽ ሙሉ ቁጥር ነውና። አሁን 7ሀ + 4 = 2ሀ + 11 ብለው ይስጧት። መልሱ 1.4 ነው። ከ1 እስከ 20 ያለውን ሙሉ ቁጥር ሁሉ ብትሞክር አታገኘውም።

ደብተሯ ላይ ያለው ፊደል ኤክስ ይሆናል፤ እዚህ የጻፍነው እንደ እርስዎ በ«ሀ» ነው። «ፊደሉ ሌላ ስለሆነ አልችልም» ካለች ልብ ይበሉ፤ ፊደሉ የማናውቀው ቁጥር ቦታ መሆኑ ገና አልገባትም ማለት ነው።

ስለ ዕድሜው እንጨርስና ወደ ሥራው እንግባ። «አልጀብራ ጀመረ» የሚለው አነጋገር ወላጅ ያስደነግጣል፤ ውስጡ ሲታይ ግን ለየሰው የተለያየ ነገር ነው። የ7 ዓመት ልጅ □ + 3 = 8 ላይ ሳጥኑን ስትሞላ የአልጀብራን ሥራ እየሠራች ነው። ፊደል ገብቶ በአንድ እርምጃ የሚፈታው፣ እንደ ሀ + 9 = 14 እና 6ሀ = 42 ያለው፣ በብዙ አገሮች በ11 እና በ12 ዓመት አካባቢ ይመጣል። ባለ ሁለት እርምጃውና ቅንፍ ያለው ከ12 እስከ 13፣ ፊደሉ በሁለቱም በኩል ያለውና ክፍልፋይ የበዛበት ደግሞ ከ13 እስከ 14። እንደ ሥርዓተ ትምህርቱ አንድ ዓመት ወዲህ ወዲያ ይላል። ስለዚህ ልጅዎ በ12 ዓመቷ 5ሀ − 7 = 2ሀ + 8ን እየታገለች ከሆነ እንዲያውም ቀደም ካሉት ናት። የእህትዎ ልጅ የጀመረው ሀ + 4 = 9 ዓይነቱን ከሆነ ሳጥኑ በፊደል ተተካለት እንጂ ከዚያ ያለፈ ነገር አልተጨመረለትም።

መቼ ይጀመር የሚለው ባለሙያዎችንም አላስማማም። በአሜሪካዋ ሳን ፍራንሲስኮ የሕዝብ ትምህርት ቤቶቹ እ.ኤ.አ. በ2014 የአልጀብራውን ኮርስ ከ8ኛ ክፍል አውጥተው ወደ 9ኛ ወሰዱት፤ ክርክሩ ሳይበርድ ቆይቶ በ2024 መራጮች ወደ 8ኛ ይመለስ የሚለውን ሐሳብ በድምፃቸው ደገፉ። በእኛ አስተያየት የልደት ቀኗን ከመቁጠር በእጇ ያለውን መፈተሽ ይሻላል። መፈተሻው ደግሞ አሥር ደቂቃ አይፈጅም።

አንድ ወረቀት ላይ እነዚህን አምስት ጥያቄዎች ይጻፉላትና ሳያግዟት ትሥራ፦

8 + 4 = □ + 5
9 = 4 + 5 ትክክል ነው ወይስ ስህተት?
ሀ = 4 ሲሆን 3ሀ ስንት ነው?
−3 − 5 ስንት ነው? 5 − (−2)ስ?
የ12 ሁለት ሦስተኛ ስንት ነው?

በመጀመሪያው ላይ ይቆዩ። ሳጥኑ ውስጥ 12 ከጻፈች 8 እና 4ን ደምራ «መልሱ» ብላ አስቀምጣዋለች፤ በስተቀኝ ያለውን 5 አላየችውም። 17 ከጻፈች ያገኘችውን ቁጥር ሁሉ ደምራለች። ትክክለኛው 7 ነው፤ በግራ 12፣ በቀኝም 12 እንዲሆን። በሂሳብ ጎበዝ የሚባሉ ልጆችም እዚህ ላይ ይወድቃሉ፤ ምክንያቱም ለአምስትና ለስድስት ዓመት ያዩት የእኩል ይሆናል ምልክት ሁልጊዜ ከስሌቱ በኋላ፣ ከመልሱ በፊት የሚመጣ ነበር። ካልኩሌተር ላይ ያለው ቁልፍም የሚያስተምረው ይህንኑ ነው፦ ተጫን፣ መልስ ይመጣል። ለእንዲህ ያለ ልጅ «=» ማለት «አሁን ሥሪው» ማለት ነው። 9 = 4 + 5ን ስታይም «ተገልብጦ ተጽፏል፣ ስህተት ነው» ትላለች። ይህ ግንዛቤ ሳይስተካከል 5ሀ − 7 = 2ሀ + 8 ትርጉም ሊሰጣት አይችልም፤ ከምልክቱ በስተቀኝ ያለው እኮ መልስ አይደለም፣ ሌላ ስሌት ነው።

ደብተሯንም ገልጠው ይዩ። ልጆች እንዲህ ይጽፋሉ፦ 5 + 3 = 8 × 2 = 16 − 1 = 15። በሐሳቧ የሄደችበት መንገድ ትክክል ሊሆን ይችላል፤ የተጻፈው ግን 5 + 3 ከ15 ጋር እኩል ነው ይላል። በስሌት ጊዜ መምህር አይቶ ያልፈው ይሆናል፤ እኩልዮሽ ሲመጣ ግን ይኸው ልማድ ያስከፍላታል። ከዛሬ ጀምሮ በአንድ መስመር አንድ «=» ብቻ፣ ምልክቶቹም አንዱ ከሌላው ሥር ቀጥ ብለው ይሰለፉ። ምልክቱን እ.ኤ.አ. በ1557 በመጽሐፉ ያስተዋወቀው ሮበርት ሬኮርድ ሁለት ትይዩ መስመር የመረጠው ከእነሱ የበለጠ እኩል የሆነ ሁለት ነገር የለም ብሎ ነበር፤ ይህን ቢነግሯት አትረሳውም።

ሌሎቹን በአጭሩ። ሦስተኛው ላይ 34 ካለች 3ሀ «3 ጊዜ ሀ» መሆኑን አታውቅም፤ አንድ ደቂቃ ማስረዳት ይበቃል። አራተኛው −8 እና 7 ነው። እዚህ ከተሳሳተች አልጀብራውን ለአንድ ወይም ለሁለት ሳምንት ያቁሙትና በቁጥር መስመር ላይ ኔጌቲቭ (ከዜሮ በታች ያለ) ቁጥር መደመርና መቀነስ ይለማመዱ፤ አለበለዚያ እኩልዮሹን በደንብ ተረድታ እንኳ መልሷ ሁሌ ይበላሻል፣ እሷም ጥፋቱን ከአልጀብራው ላይ ትጥላለች። አምስተኛው 8 ነው፤ የሚያስፈልጋት ክፍልፋይ ያለበት እኩልዮሽ ሲመጣ ስለሆነ ሊቆይ ይችላል።

አሁን ወደ አፈታቱ። «ሲሻገር ምልክቱ ይቀየራል» የሚለው ደንብ ስህተት አይደለም፤ መምህሯም ከተጠቀመበት ፊቷ አይንቀፉት። ነገር ግን የሌላ ነገር አሕጽሮት ነው፤ ሙሉውን ሳያውቁ አሕጽሮቱን መያዝ ነው የሚያሳስተው። ሙሉው ይህ ነው፦ በግራ ያደረግሽውን በቀኝም አድርጊ። በባለ ሁለት ሳህን ሚዛን ላይ እንደሚደረገው፣ ከአንዱ ሳህን 5 ካነሣን ከሌላውም 5 እናነሣለን፤ ሚዛኑ እንዳለ ይቆያል።

3ሀ + 5 = 20
3ሀ + 5 − 5 = 20 − 5
3ሀ = 15
3ሀ ÷ 3 = 15 ÷ 3
ሀ = 5

ሁለተኛውንና አራተኛውን መስመር ልጆች መጻፍ ይሰለቻሉ፤ ቢያንስ ለሁለት ሳምንት ግን ትጻፋቸው። «5 ተሻገረና −5 ሆነ» የሚባለው ምንጩ እዚያው ሁለተኛው መስመር ላይ ነው፦ በግራ 5 − 5 ዜሮ ሆኖ ጠፋ፣ በቀኝ −5 ቀረ። የተሻገረ ነገር የለም።

ለምን 5ን መቀነስ ቀደመ? ያልታወቀው ቁጥር መጀመሪያ በ3 ተባዝቷል፣ ቀጥሎ 5 ተደምሮበታል። ስንመለስ መጨረሻ የተደረገውን መጀመሪያ እንፈታለን። መጀመሪያ በ3 ማካፈልም አይከለከልም፤ ግን እያንዳንዱ ተርም (በ+ ወይም በ− የተለየ ክፍል) መካፈል አለበትና ሀ + 5/3 = 20/3 የሚል አስቀያሚ መስመር ይወጣል። ልጆች እዚህ ላይ የሚያደርጉት 3ሀን እና 20ን አካፍለው 5ን እንዳለ መተው ነው። ቅደም ተከተሉን የምንመክረው ለዚህ ነው።

ሚዛኑ አንድ ቦታ ላይ ይከዳል፤ ቀድመው ይወቁት። 3ሀ + 10 = 4ን በሚዛን ማሳየት አይቻልም፣ መልሱ −2 ነውና፤ ከዜሮ በታች የሚመዝን ነገር የለም። ልጅዎ «እንዴት እንዲህ ይሆናል?» ብላ ከጠየቀች ጥያቄዋ ትክክል ነው። ያኔ ሚዛኑን ትተው «ግራና ቀኝ አንድ ቁጥር ናቸው፤ ከአንድ ቁጥር ላይ ያንኑ ብንቀንስ ውጤቱ ያው አንድ ነው» ወደሚለው ይለፉ።

ያስለቀሳት እኩልዮሽ እንግዲህ ይኸው፦

5ሀ − 7 = 2ሀ + 8
3ሀ − 7 = 8 (ከሁለቱም 2ሀ ተቀነሰ)
3ሀ = 15 (በሁለቱም ላይ 7 ተደመረ)
ሀ = 5 (ሁለቱም በ3 ተካፈሉ)

ዋናው እርምጃ የመጀመሪያው ነው፦ ፊደሉን በአንድ በኩል ብቻ እንዲቀር ማድረግ። ከሁለቱ አነስተኛውን (እዚህ 2ሀን) ብትቀንስ ከፊደሉ ጋር የሚቀረው ቁጥር ፖዘቲቭ ይሆንላታል፤ 5ሀን ብትቀንስም ወደ ልክ መልስ ትደርሳለች፣ ግን −7 = −3ሀ + 8 ላይ ከኔጌቲቭ ጋር ትታገላለች። እንደ እኛ በየመስመሩ ጎን በቅንፍ ምን እንዳደረገች ትጻፍ። መልሷ ሲሳሳት እርስዎም መምህሯም የት ላይ እንደሳተች በአምስት ሰከንድ ታገኛላችሁ።

ከዚያ ማረጋገጫው። 5ን በመጀመሪያው እኩልዮሽ ውስጥ ታስገባ፦ በግራ 25 − 7 = 18፣ በቀኝ 10 + 8 = 18። ሁለቱ ለየብቻ ይሰሉና ይነጻጸሩ። በሁለተኛው ወይም በሦስተኛው መስመር ውስጥ ማስገባት ዋጋ የለውም፤ ስህተቱ ከዚያ በፊት ከተሠራ የተሳሳተው መስመር የተሳሳተውን መልስ በደስታ ይቀበለዋል። ማረጋገጥ ግምትን የለመደች ልጅ ጉልበት ያላት ቦታ ነው፤ ቁጥር ማስገባት ታውቃለች። ስለዚህ መሞከሩን አይከልክሏት፣ ቦታውን ብቻ ወደ መጨረሻ ያዛውሩት።

ግምት እንዲያውም የተከበረ ታሪክ አለው። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ1550 ገደማ በግብፅ የተጻፈው የራይንድ ፓፒረስ የተባለ የሂሳብ ጽሑፍ «አንድ ብዛትና ሰባተኛው ተደምረው 19 ሆኑ» የሚል ጥያቄ አለው። ጸሐፊው 7 ይሁን ብሎ ይገምታል፤ 7 እና ሰባተኛው 8 ይሆናል። የተፈለገው ግን 19 ነው፤ ስለዚህ 7ን በ19/8 ያበዛዋል፣ መልሱ 16 5/8። ይህ የሚሠራው ፊደል የሌለው ቁጥር ብቻውን ስላልተደመረ ነው። 3ሀ + 5 = 20 ላይ 2 ብለን ብንገምት 11 ይወጣል፤ 2ን በ20/11 ብናበዛ 3.6 ገደማ እንጂ 5 አናገኝም። ያቺ + 5 ዘዴውን ታፈርሰዋለች።

አሁን «መሻገር» በብዛት የሚያሳስትባቸውን ቦታዎች እንይ፤ ልጅዎን ግራ ያጋባትም ከእነዚህ አንዱ ሳይሆን አይቀርም። 3ሀ = 15 ላይ ደርሳ «3 ይሻገራል፣ ምልክቱ ይቀየራል» ብላ ሀ = 15 − 3 = 12 ትጽፋለች፤ ወይም በ−3 አካፍላ −5 ታገኛለች። ደንቡን አልጣሰችም፣ እንደተነገራት ነው ያደረገችው! ችግሩ 3 በፊደሉ ላይ የተባዛ እንጂ የተደመረ አለመሆኑ ነው፤ የተባዛ በማካፈል ይፈታል፣ ምልክቱም አይነካም። −4ሀ = 20 ሲሆን በ−4 እናካፍላለን፣ ሀ = −5። እዚህ 5 ወይም 24 የሚል መልስ ካዩ ምክንያቱ ይኸው ነው።

ሌላው 12 − ሀ = 5 ነው። ሲያዩት ቀላል ነው፤ ሆኖም ልጆች 17ም −7ም ያወጡለታል። ኔጌቲቩ ፊደሉ ላይ መሆኑ ነው የሚጋርዳቸው። በሁለቱም ላይ ሀ ትደምር፦ 12 = 5 + ሀ። ከዚያ 7 = ሀ። ፊደሉ በስተቀኝ መቅረቱ ምንም አይደለም፤ 7 = ሀ እና ሀ = 7 አንድ ናቸው። «ፊደሉ በግራ መሆን አለበት» የሚል ሕግ የለም።

ቅንፍ ሲመጣ ትልቁ ወጥመድ ከቅንፉ በፊት ያለው የመቀነስ ምልክት ነው።

4(ሀ − 3) − 2(ሀ − 5) = 10
4ሀ − 12 − 2ሀ + 10 = 10
2ሀ − 2 = 10
2ሀ = 12
ሀ = 6

በሁለተኛው መስመር + 10 የመጣው −2 ሲባዛ በ−5 ነው። ብዙ ተማሪ − 10 ይጽፋል፤ የ2ን ምልክት ለመጀመሪያው ተርም ብቻ ያውለዋል። ያን ጊዜ 2ሀ − 22 = 10፣ ሀ = 16 ይወጣል። ብታረጋግጥ በግራ 52 − 22 = 30 ታገኛለች፣ በቀኝ ያለው ግን 10 ነው። መድኃኒቱ ከቅንፉ ውጭ ያለውን ቁጥር ከነምልክቱ በእርሳስ ማክበብና ወደ እያንዳንዱ ተርም ቀስት መሳል ነው።

ክፍልፋይ ያለበትን ልጆች ይፈሩታል፤ ፍርሃቱ ከሚገባው በላይ ነው። የታህቶቹን (ከክፍልፋዩ መስመር በታች ያሉትን ቁጥሮች) ትንሹን የጋራ ብዜት ፈልጎ ሁሉንም በእሱ ማብዛት፣ ክፍልፋዩ ይጠፋል። ሀ/2 + ሀ/3 = 10 በ6 ሲባዛ 3ሀ + 2ሀ = 60፣ ሀ = 12። የሚረሳው በስተቀኝ ያለው 10 ነው፤ 5ሀ = 10 ተብሎ 2 ይወጣል። ላዕሉ (ከመስመሩ በላይ ያለው) ከአንድ ተርም በላይ ከሆነ ደግሞ ከማብዛቷ በፊት ቅንፍ ታድርግበት። (ሀ + 1)/2 − (ሀ − 2)/3 = 3 በ6 ሲባዛ 3(ሀ + 1) − 2(ሀ − 2) = 18 ነው፤ ቅንፉ ከሌለ ከላይ ያየነው የምልክት ስህተት ተመልሶ ይመጣል። መልሱ 11።

አንዳንዴ ፊደሉ ከሁለቱም በኩል ይጠፋል፤ ልጆች ተሳስተናል ብለው ያጠፉታል። 2ሀ + 3 = 2ሀ + 7 ላይ 2ሀ ሲቀነስ 3 = 7 ይቀራል፤ ይህ ሐሰት ነው፣ ስለዚህ መልስ የለውም። 2(ሀ + 3) = 2ሀ + 6 ላይ 6 = 6 ይቀራል፤ ሁሌ እውነት ነው፣ ማንኛውም ቁጥር መልስ ነው። 5ሀ = 0 ግን ከእነዚህ ጋር አይመደብም፤ መልስ አለው፣ መልሱ 0 ነው። በፊደሉ ማካፈልም ክልክል ነው፦ 5ሀ = 3ሀን በሀ አካፍላ 5 = 3፣ መልስ የለውም ካለች፣ መልሱን (ዜሮን) ራሷ ጣለችው።

በቃላት የሚሰጡ ጥያቄዎች የራሳቸው ጣጣ አላቸው። «ተማሪዎች የመምህራን 6 እጥፍ ናቸው» ሲባል ብዙ አዋቂ ሳይቀር 6ተ = መ ብሎ ይጽፋል፤ ቃላቱን በቅደም ተከተላቸው ወደ ምልክት ገልብጦ፣ «ተ»ን ቁጥር ሳይሆን «ተማሪ» የሚል ስያሜ አድርጎ። ቁጥር ይግባበት፦ መምህራኑ 10 ከሆኑ ተማሪዎቹ 60 ናቸው። 6 × 60 = 10 አይሆንም። ትክክለኛው ተ = 6መ ነው። ስለዚህ ከመፍታት በፊት አንድ መስመር ትጻፍ፦ «ሀ = የ... ብዛት» ወይም «ሀ = ከ... በኋላ ያለው ዓመት»። «ሀ = ተማሪ» አይበቃም።

አንድ ምሳሌ ሙሉውን እንሥራ። እናት 36፣ ልጅ 12 ዓመታቸው ነው፤ ከስንት ዓመት በኋላ የእናትየው ዕድሜ የልጅቷ 2 እጥፍ ይሆናል? ሀ = ከዛሬ ጀምሮ የሚያልፈው ዓመት። ያኔ እናት 36 + ሀ፣ ልጅ 12 + ሀ። እኩልዮሹ 36 + ሀ = 2(12 + ሀ)፣ ማለት 36 + ሀ = 24 + 2ሀ፣ ሀ = 12። ያኔ 48 እና 24 ይሆናሉ፤ ልክ ነው። ቅንፉን ረስታ 36 + ሀ = 2 × 12 + ሀ ከጻፈች 36 = 24 ላይ ትደርሳለች። «መልስ የለውም» ብላ ትዘጋው ይሆናል፤ ጥያቄው ግን መልስ እንዳለው በግልጽ እየታየ እንዲህ ከሆነ የተበላሸው አጻጻፉ ነው።

ልምምዱን በቀን ከ15 እስከ 20 ደቂቃ ያድርጉት፣ ከዚያ አያስረዝሙት። በማረጋገጫ የታጀቡ ስድስት ጥያቄዎች ካለማረጋገጫ ከተሠሩ ሠላሳ ይበልጣሉ። የመጀመሪያውን ሳምንት ሳጥኑ ከ«=» በስተቀኝ በሚገኝባቸው የቁጥር ጥያቄዎች ይጀምሩ (14 − 6 = □ + 3፣ 20 = □ × 4 + 8)፤ ሁለተኛውን ለባለ ሁለት እርምጃ፣ ሦስተኛውን ፊደሉ በሁለቱም በኩል ላለው፣ ቅንፍና ክፍልፋይ ከዚያ በኋላ። በየሁለት ቀኑ እርስዎ ራስዎ ሆን ብለው ስህተት ያለበት አፈታት ጽፈው ስህተቱን እንድታወጣ ይስጧት፤ ይህን ልጆች ይወዱታል፣ ከመፍታቱም ያላነሰ ያስተምራል። ሲያግዟት ብዕሩ በእሷ እጅ ይሁን፤ የእርስዎ ድርሻ «በሁለቱም በኩል ምን አደረግሽ?» ማለት ብቻ ነው። ፎቶ አንሥቶ የሚፈታውን የስልክ መተግበሪያ ራሷ ካረጋገጠች በኋላ ብታየው አንቃወምም፤ ከዚያ በፊት ግን ግምቱን በሌላ ግምት ከመተካት አያልፍም።

በአራት ሳምንት ውስጥ ሁለት ደረጃ ያህል ካልተራመደች፣ ወይም ማረጋገጫው ስህተት መሆኑን እያሳያት የት እንደሳተች ማግኘት ካቃታት፣ ያኔ አስጠኚ ይቅጠሩ። ለአስጠኚውም አምስቱ የመፈተሻ ጥያቄዎች ላይ የሰጠቻቸውን መልሶች ያሳዩት፤ ከመጽሐፉ የመጀመሪያ ገጽ ከመጀመር ያድነዋል።

ለመሸኛ ስድስት ጥያቄዎች እነሆ፤ እያንዳንዱ አንድ ነገር ይፈትሻል። 4ሀ + 9 = 33 (መልሱ 6) መንገዱን መያዟን ያሳያል። 17 − 2ሀ = 25 (−4) ኔጌቲቩን። 6ሀ − 5 = 2ሀ + 9 (3.5) ግምት እንዳይሠራ ነው። 3(ሀ − 2) − (ሀ + 4) = 0 (5) ከቅንፍ በፊት ያለውን የመቀነስ ምልክት ይፈትሻል፤ ቁጥር ስላልተጻፈበት 1 መኖሩን ብዙዎች ይረሱታል። ሀ/4 − 1 = ሀ/6 (12) ላይ በ12 ስታበዛ ያቺን 1 እንዳትረሳት። 5(ሀ + 1) = 5ሀ + 1 መልስ የለውም፤ ልጅዎ 5 = 1 ላይ ደርሳ ካላጠፋችውና «ለምን እንዲህ ሆነ?» ካለችዎት፣ ሀ ምንም ቢሆን ግራው ምንጊዜም ከቀኙ በ4 እንደሚበልጥ በሁለት ሦስት ቁጥር አስገብታ ራሷ ታግኘው።